ፈረንሳይ ያለው ሰንሰለት

ልጄ ስምንተኛ ክፍል በነበረችበት ዓመት፣ ቤታችን ውስጥ ከጨርቅና ከክር ይልቅ ስለ ተራራ ይወራ ነበር። የሚኒስትሪ ፈተና ደርሶባት ነበርና ቀን ከሌት ታጠናለች። እኔ የተማርኩት እስከ አራተኛ ክፍል ነው። አማርኛ አነባለሁ፤ እንግሊዝኛ ግን ፊደሉን ከመለየት አላልፍም። የጂኦግራፊ መጽሐፏ በእንግሊዝኛ ስለነበር መጀመሪያ እሷ በአማርኛ ታስረዳኛለች፣ ከዚያ እኔ እግሬን ከስፌት መኪናው መርገጫ ላይ ሳላነሣ እጠይቃታለሁ።

«የአንዲስ ሰንሰለት?»

«ደቡብ አሜሪካ። በምዕራቡ ዳር፣ ከላይ እስከ ታች።»

«ሮኪ?»

«ሰሜን አሜሪካ።»

«አትላስ?»

«ሰሜን አፍሪካ። ሞሮኮ፣ አልጄሪያ፣ ቱኒዚያ።»

ሰንሰለት ለምን እንደሚባል ስጠይቃት ወደ መስኮቱ ወሰደችኝ። ቤታችን ከቀበና ወንዝ ከፍ ብሎ፣ እንጦጦ ሥር ነው፤ ባሕር ዛፉ ከመስኮታችን ይታያል። «አንድ ተራራ ይመስልሻል እንጂ ተያይዞ ነው የሚሄደው። እንዲህ ሲያያዝ ሰንሰለት ይባላል» አለችኝ።

«እና እንጦጦም መጽሐፉ ላይ አለ?»

«አይ እማዬ፤ ትንሽ ነው። አልገባም።»

ቅር አለኝ። ዕድሜ ልኬን እሱን ቀና ብዬ ሳይ የኖርኩ ሰው ነኝ።

ዘመኑ የደርግ ነው፤ ቀይ ሽብር በየቤቱ የገባበት። እኔ ድሮም ፈሪ ነበርኩ፣ በዚያ ጊዜ ደግሞ ይበልጥ ባሰብኝ። ባለቤቴ የመንገድ ሥራ ሠራተኛ ስለነበር ክፍለ ሀገር ነው የሚከርመው። ልጄን ብቻዬን ይዤ የምጠነቀቀው ጥንቃቄ ለሰው ቢነገር ያስቃል። ከመጽሐፍ ቅዱስና ከትምህርት ቤት መጽሐፍ በቀር የታተመ ወረቀት ቤቴ አይገባም። ስኳር የተጠቀለለበትን ጋዜጣ እንኳ ስኳሩን ገልብጬ አቃጥለው ነበር። ልጄ ከትምህርት ቤት ስትመለስ መንገድ ላይ ከማንም ጋር እንዳትቆም፣ ሦስት ሰው ካየች መንገድ እንድትለውጥ፣ ቀይ እስክሪብቶ እንዳትይዝ ብዬ አስጠንቅቄያታለሁ። ቀይ እስክሪብቶ ምን እንደሚያመጣ እኔም አላውቀውም፤ ብቻ ፈራሁት። ፖለቲካ የሚወራበት ቦታ ከደረስኩም ነጠላዬን ጆሮዬ ላይ ሳብ አድርጌ አልፋለሁ።

በዚህ የተነሣ ሌላው ሰው ሁሉ የሚያውቀውን አንድ ነገር ሳላውቅ ቀረሁ። በዚያ ጊዜ አንድ ወጣት ተይዞ ሌላውን ሲጠራ፣ ያም ሦስተኛውን ሲጠራ፣ በስውር የተደራጁት ሰዎች የተያያዙበት መስመር «ሰንሰለት» ይባል ነበር። «ሰንሰለቱ ተገኘ» ከተባለ የስንት ቤት ልጅ ይታፈሳል። ይህን የነገረኝ ሰው አልነበረም።

ሌላም ነገር አለ። ሰፈራችን ዙሪያውን የውጭ አገር ነው። ወደ ላይ ስትወጡ ፈረንሳይ፣ ወዲህ እንግሊዝ፣ ወዲያ ራሺያ፣ ደግሞም ጣሊያን። ኤምባሲዎቹ ስማቸውን ለሰፈሩ አውርሰውታል። «ፈረንሳይ ነው የምኖረው» የሚል ሰው ታክሲ ይዞ እንጂ አውሮፕላን ተሳፍሮ አይሄድም።

የእኛ ቤት የጭቃ ቤት ነው፤ ከጎረቤቴ ጋር አንድ ግድግዳ እንጋራለን። ስታነጥስ «ይማርሽ» እላታለሁ፣ እሷም ከወዲያ «ያኑርሽ» ትለኛለች። እንዲህ ባለ ግድግዳ በኩል፣ የስፌት መኪናው ድምፅ እየቆራረጠው፣ እናትና ልጅ በየቀኑ ይህን ሲባባሉ አስቡት።

«አልፕስ የተባለው ሰንሰለት የት ነው?»

«ፈረንሳይና ጣሊያን።»

«ኡራል?»

«ራሺያ።»

«ካራኮረምስ?»

ካራ ደግሞ ኮተቤ አልፎ ያለ ሰፈር ነው።

ለቀበሌ የተናገረችው ጎረቤቴ ናት ብዬ በእርግጠኝነት አልናገርም። ከሆነችም አልፈርድባትም፤ እሷም ልጆች ነበሯት፣ ሰምታ ዝም ብላ ቢደረስባት የሚጠብቃትን ታውቃለች።

ቅዳሜ ከምሳ በኋላ ነው። ሦስት የአብዮት ጥበቃ ሰዎች ጠመንጃ ይዘው ግቢያችን ገቡ። አንደኛው ጎልማሳ ነው፤ ሌሎቹ ሁለቱ የሃያ ምናምን ዓመት ጎረምሶች።

«ልጅሽ የታለች?» አለኝ ጎልማሳው።

«እዚሁ ናት። ምነው ወንድሜ?»

«ሰንሰለቱን አምጪ።»

«የውሻውን ነው?»

«አምጪ አልኩሽ!»

ምን ላድርግ፤ ግቢ ውስጥ ታስሮ የሚውል ውሻ ነበረን። ፈታሁትና ሰንሰለቱን ይዤለት መጣሁ። ውሻው ነፃ ሲወጣ ደስ ብሎት በሦስቱ መሐል ይፈነጥዝ ጀመር። ከጎረምሶቹ አንዱ፣ ቀጭኑ፣ ሳቁን መቆጣጠር አቃተው።

«ትቀልጃለሽ?» አለ ጎልማሳው፣ ሰንሰለቱን ከእጄ መንጭቆ እየወረወረ። «ፈረንሳይ ያለውን ነው የምልሽ! ጣሊያን ያለውን! ካራ ያለውን!»

ያን ጊዜ ገባኝ። ሲገባኝ ደግሞ እፎይ አልኩ፤ እውነቱን ብነግረው የሚያልቅ ነገር መስሎኝ።

«ውይ፣ ተራራ እኮ ነው ጓድ! የትምህርት ነው።»

«ተራራ?»

«አዎ፣ የተራራ ሰንሰለት ነው።»

«የት ያለ ተራራ?»

«ፈረንሳይ» አልኩና ምላሴን ነከስኩ።

ልጄን ወደ ቀበሌ ወሰዷት። ነጠላዬን አንስቼ እየሮጥኩ ተከተልኳቸው።

የቀበሌያችን ሊቀመንበር በሰላምታ የማውቀው ሰው ነው። ክፉ ነው ብዬ አላስብም ነበር፤ ግን ከእሱ በላይ ያሉትን ሲፈራ ነው የሚውለው፣ የሚፈራ ሰው ደግሞ ምን እንደሚያደርግ ከራሴ አውቃለሁ። ልጄን ጠረጴዛው ፊት አቆሟት። እኔን በሩ ላይ ከለከሉኝ፤ ግን አላባረሩኝም።

«ፈተና ነው ትያለሽ» አላት። «ተራራ የትም አይሄድ፤ ለምን በቃል ይያዛል?»

የልጄ ከንፈር ብቻ ተንቀሳቀሰ። ስትፈራ ድምጿ የሚጠፋ ልጅ ናት፤ ይህን ከእኔ ነው የወሰደችው።

«ጓድ ሊቀመንበር» አልኩ ከበሩ ላይ፤ «መምህሩ ይጠይቃቸዋል፣ ስሙንና ያለበትን አገር—»

«ስሙንና ያለበትን! እኛስ የምንፈልገው ይኸንኑ አይደል?» ወደ ልጄ ዞረ። «ራሺያ ያለው ማን ይባላል?»

«ኡራል» አለች በሹክሹክታ።

«ኡራል የማን የሽፋን ስም ነው?»

«ተራራ ነው… ከሰሜን ወደ ደቡብ…»

«ተራራ ነው እንበል። መጽሐፍ ላይ ካለ ይታያል። መጽሐፉ የታለ?»

እዚህ ላይ መናገር ያለብኝ ነገር አለ። መጽሐፉ ለሁለት ተማሪ አንድ ነበር የሚታደለው። ልጄና አንዲት የክፍል ጓደኛዋ ሳምንት ሳምንት ይፈራረቁበት ነበር። በዚያ ቅዳሜ መጽሐፉ ጓደኛዋ ዘንድ ነው። ጓደኛዋ የምትኖረው ፈረንሳይ ነው።

እኔ ግን ይህን ሁሉ ከማሰቤ በፊት አፌ ቀደመኝ። «መጽሐፉማ ጓ—»

«ትምህርት ቤት ነው» አለች ልጄ። ከገባች ጀምሮ ድምጿ እንዲህ ጎልቶ አልወጣም ነበር። «መልሻለሁ። ትምህርት ቤት ነው ያለው።»

ወደ እኔም አየችኝ። ዓይኗን ሳይ ገባኝ። ስም ከተጠራ ሰዎቹ ወደ ፈረንሳይ ይወጣሉ፤ ያቺን ልጅ ያመጧታል፤ ያኔ እውነትም ፈረንሳይ ያለ ሰንሰለት ተገኘ ማለት ነው። የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ይህን እኔ ሳልደርስበት ደርሳበታለች። አፌን ዘጋሁ።

«ትምህርት ቤቱ የሚከፈተው ሰኞ ነው» አለ ሊቀመንበሩ። «እስከዚያ እዚህ ትቆያለች። ዛሬ ማታ የከፍተኛው መኪና ይመጣል። እነሱ ከፈለጓት ይወስዷታል፤ የእኔ ጉዳይ አይሆንም።»

ከፍተኛ ከቀበሌ በላይ ያለው አስተዳደር ነው፤ መኪናው የወሰደውን ሰው ስንቅ ይዞ ሄዶ ያገኘ ብዙ አልነበረም። ይህን ሁላችንም እናውቃለን፤ እሱም ሲናገር ወደ መስኮቱ ዞር ብሎ ነበር።

ወጣሁ። ጭንቅላቴ ውስጥ አንድ ነገር ብቻ ነው ያለው፤ ልጄ መጽሐፉ ትምህርት ቤት ነው ብላለች፣ ስለዚህ ሳይመሽ ትምህርት ቤት መገኘት አለበት።

በአስፋልቱ ብሄድ ፈረንሳይ ቶሎ እደርሳለሁ። ግን ሰው ከተከተለኝ በገዛ እግሬ ያቺ ልጅ ቤት አደረስኩት ማለት ነው። ከቤቴ ገመድ አነሣሁና ቅጠል ለቃሚ መስዬ ወደ ዳገቱ ወጣሁ። የእንጦጦ ሴቶች እንጨት ተሸክመው በቀጭኑ መንገድ ይወርዳሉ፤ እነሱ ከሸክማቸው ሥር ቀና ብለው አይተውኝ ያልፋሉ፣ እኔ ባዶ እጄን እወጣለሁ። የደረቀ ቅጠል እግሬ ሥር በተንኮሻኮሸ ቁጥር ከኋላዬ ሰው ያለ ይመስለኛል። አንድ ወፍራም ባሕር ዛፍ ጀርባ ቆሜ የመጣሁበትን ቁልቁል አየሁ። ማንም የለም። እንደገና ሄድኩ፤ እንደገና ቆምኩ። ለሦስተኛ ጊዜ ስቆም፣ ሳላስበው አፌ «ሂማልያ፣ እስያ። አንዲስ፣ ደቡብ አሜሪካ» ማለት ጀመረ። ደንግጬ ዝም አልኩ። ጫካ ውስጥም ቢሆን።

ቁልቁል ወርጄ ቤቱ ስደርስ የጓደኛዋ እናት ደጃፍ ላይ ተቀምጣ ምስር ትለቅማለች። ፊቴን እንዳየች ሰፌዱን ይዛ ተነሣች።

«ምን ሆነሻል?»

«እንግባ።»

ውስጥ ገብተን በሩን ከዘጋች በኋላ በጆሮዋ ነገርኳት። ሳልጨርስ እጄን ጨመቀችው።

«የልጄን ስም ጠራችሁ?»

«አልጠራንም።»

«ማሪያምን በይ።»

«ማሪያምን! ልጄ ስሟ እንዳይጠራ ብላ ነው እዚያ የቀረችው። መጽሐፉን ብቻ ስጪኝ።»

ወደ ጓዳ ገብታ መጽሐፉን ይዛ ወጣች፤ ግን ወዲያው አልሰጠችኝም። ደረቷ ላይ አቅፋው ቆመች። ልጅቷ ከመጋረጃው ጀርባ «እማዬ፣ ማን ነው?» ብላ ስትጠይቅ፣ «ማንም አይደለም፣ ተቀመጪ!» አለቻት። ከዚያ ለእኔ፣ ዝግ ባለ ድምፅ፤

«እሰጥሻለሁ። ግን ከዛሬ በኋላ ልጅሽ እዚህ ደጅ አትድረስ። የኔም እናንተ ጋ አትመጣም። ትምህርት ቤትም ቢሆን አብረው እንዳይታዩ። ለምን እንደሆነም ልጆቹ አያወሩበትም። ቃል ግቢልኝ።»

አብረው ያደጉ ልጆች ናቸው። ግን በእሷ ቦታ ብሆን እኔም ይህንኑ ነበር የምለው፤ ምናልባትም መጽሐፉን አልሰጥም ነበር።

«ቃሌ ነው» አልኳት።

መጽሐፉን በቅጠል መሐል ጠቅልዬ፣ በገመዱ አስሬ፣ ጀርባዬ ላይ አዝዬ ትምህርት ቤት ደረስኩ። ዘበኛው ሽማግሌ ናቸው፤ የካፖርታቸውን ኪስ አንድ ጊዜ ሰፍቼላቸዋለሁ። በሩን ከፈት አድርገው ሸክሙን አዩት።

«ደግሞ ቅጠል መሸጥ ጀመርሽ?»

«አባባ፣ ልጄ ትናንት መጽሐፍ መልሳለች። ለእርስዎ ነው የሰጠችው።» መጽሐፉን ከቅጠሉ መሐል አውጥቼ ዘረጋሁላቸው።

መጽሐፉን አዩት። እኔን አዩኝ። ቅጠሉንም አዩት።

«ትናንት እዚህ ነበርኩ እኮ» አሉ።

«አዎ አባባ። ስለነበሩ ነው የሰጠችዎት።»

ከዚያ በላይ ብናገር አለቅስ ነበር። ሽማግሌው ጉሮሯቸውን ጠረጉና መጽሐፉን ተቀብለው፣ ላዩ ላይ የቀረውን ቅጠል አራግፈው፣ ወደ ዕቃ ቤቱ ገቡ። ሲመለሱ እጃቸው ባዶ ነው።

«ጠዋት ነው ከሰዓት የሰጠችኝ?»

«ከሰዓት ይሁን።»

«ዝናብ ነበር?»

«አልነበረም። ምነው?»

«ቃላችን እንዳይለያይ ብዬ ነው» አሉኝ።

ቀበሌ ስመለስ ፀሐይዋ ወደ መጥለቂያዋ አዘንብላለች። ሊቀመንበሩን «የትምህርት ቤቱ ዘበኛ አሉ፤ ቁልፍ አላቸው። ሰው ይላኩና መጽሐፉ ይምጣ» አልኩት። ትንሽ አሰበና ያን በውሻው የሳቀውን ቀጭን ጎረምሳ አብሮኝ ላከው። በመንገድ ላይ እኔ ከፊት፣ እሱ ከኋላ ሄድን። ጠመንጃው ከኋላዬ ከቀበቶው ጋር ሲጋጭ እሰማለሁ።

«የጂኦግራፊ መጽሐፍ የመለሰች ተማሪ አለች?» ብሎ ጠየቃቸው ዘበኛውን።

«አለች። ትናንት ከሰዓት» አሉ። ይህ በቂ ነበር። እሳቸው ግን ቀጠሉ፤ «ዝናብ አልነበረም።»

መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። ጎረምሳው ግራ ገብቶት ሽማግሌውን አያቸው። «ስለ ዝናብ ማን ጠየቀዎት አባባ?»

«መጽሐፍ ሲረጥብ አልቀበልም፤ ለዚህ ነው» አሉት ፊታቸው ሳይለወጥ።

መጽሐፉን ይዘን ስንመለስ ልጄ እዚያው ጠረጴዛ ፊት፣ አሁን መሬት ላይ ተቀምጣለች። ሊቀመንበሩ መጽሐፉን እየገለጠ ሥዕሎቹን አየ፤ በረዶ የለበሰ ተራራ፣ ከዚያ ካርታ፣ ከዚያ ሌላ ተራራ። እንግሊዝኛውን ማንበብ ስላቃተው ለጎረምሳው አቀበለው። እሱም ጣቱን እያስኬደ ፊደል በፊደል ያነብ ጀመር።

«አልፕስ… ፍራንስ… ኢታሊ… ልክ ነው ጓድ፣ ፈረንሳይና ጣሊያን ይላል። የውጭ አገሮቹን ነው። ካ… ካራ…»

«ካራ!» አለ ሊቀመንበሩ።

«ካራኮረም ነው ጓድ። አንድ ላይ ነው የተጻፈው። ፓኪስታን ይላል።»

«ፓኪስታን ኤምባሲ እኛ ሰፈር አለ እንዴ?»

«እኛ ሰፈርማ የለም።»

ሊቀመንበሩ መጽሐፉን ተቀብሎ እንደገና ያገላብጥ ጀመር። ከውጭ የመኪና ድምፅ በተሰማ ቁጥር ሁላችንም ጆሯችንን እናቆማለን፤ እሱም ጭምር። በመጨረሻ መጽሐፉን ዘግቶ ወደ ጎረምሳው ገፋው።

«ወደ መጣበት ይመለስ።» ፈረንሳይ ያለውን ቤት ያወቀ መሰለኝ፤ ትምህርት ቤቱን ማለቱ መሆኑን ለመረዳት ጊዜ ወሰደብኝ። «አንቺ፣ ልጅሽን ውሰጂ። ከእንግዲህ በእንግሊዝኛ ታጥና። ሰንሰለት የሚባል ቃል ከዚያ ቤት እንዳልሰማ።»

ለጥ ብዬ እጅ ነሥቼ ልጄን በእጇ ይዤ ወጣሁ። ሰዓት እላፊ ሊገባ ጥቂት ነው የቀረው፤ ሱቆቹ ተዘግተዋል፣ ሰው ሁሉ አንገቱን ደፍቶ ወደየቤቱ ይሮጣል። እጇ ቀዝቅዟል። መቷት እንደሆነ ልጠይቃት ፈለግሁና የምትመልስልኝን ፈርቼ ተውኩት። አረማመዷን ብቻ ከጎኔ ሆኜ አየሁ፤ አታነክስም።

ከቀበሌው ራቅ ስንል ወደ ጆሮዬ ተጠግታ «እሷ ጋ አልሄዱም አይደል?» አለችኝ።

«አልሄዱም። ስሟንም አያውቁም።»

ትልቅ ትንፋሽ ተነፈሰች። ያን ቀን ፊቷ ሲፈታ ያየሁት በዚያች ቅጽበት ብቻ ነው። እጄን ጠበቅ አድርጋ ያዘችና ፈጠን ፈጠን እያለች፣ በሹክሹክታ ማውራት ጀመረች።

«ሰኞ ሳገኛት ስነግራት አታምነኝም። ካራኮረምን ካራ ነው ብለው… ትሞታለች በሳቅ። መጽሐፉን ደግሞ ከዘበኛው ወስጄ እሰጣታለሁ፣ እስከ አርብ የሷ ተራ ነው።»

«አትነግሪያትም» አልኳት።

«ለእሷ ብቻ እማዬ። ለሌላ ሰው አልናገርም።»

«ለእሷም። ከእንግዲህ አትገናኙም። ትምህርት ቤትም አብራችሁ አትቁሙ።»

«ለምን?»

«ለእናቷ ቃል ገብቻለሁ።»

ልጄ ቆመች። ያሰበችውን አላውቅም፤ ስለ መጽሐፉ፣ እንዴት ትምህርት ቤት እንደደረሰ አልጠየቀችኝም። ራሷ ደርሳበት ይሆናል። እጇን ከእጄ ውስጥ ቀስ አድርጋ አወጣችና ቀድማኝ ሄደች። ከፊት ለፊታችን ጥበቃዎቹ የሚቆሙበት ማዞሪያ አለ፤ በዚያ ሰዓት ብቻዋን ልታልፈው አትችልም። እዚያ ጋ ስትደርስ ቆመች። ጀርባዋን እንደሰጠችኝ፣ ዞር ሳትል፣ እስክደርስባት ጠበቀችኝ።